ፕሌይስቴሽን 2 ላይ የሱፐርሂሮ ጌም ለመጫወት ላሰበ ሰው

ፕሌይስቴሽን 2 ያለው ሰው የሱፐርሂሮ ጌም አያጣም። የሚቸግረው ምርጫው ነው። ኮንሶሉ እ.ኤ.አ. በ2000 ወጥቶ (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ምርቱ እስከ 2013 መጀመሪያ አካባቢ ዘልቋል፤ በዚያ ሁሉ ዘመን የጀግና ፊልም በወጣ ቁጥር ጌሙም ከኋላው ከተፍ ይል ነበር። ብዙዎቹ ለፊልሙ ቀን እንዲደርሱ በጥድፊያ የተሠሩ ስለሆኑ ሽፋናቸው ያምራል፣ ውስጣቸው ግን ባዶ ነው።

ስለዚህ ስትመርጡ ሽፋኑ ላይ ማን እንዳለ ብዙ አያስጨንቃችሁ። ጌሙ የዚያን ጀግና ኃይል እጃችሁ ላይ ያስገባል ወይ ብላችሁ ጠይቁ። ስፓይደርማን ሆናችሁ መሬት ለመሬት እየሮጣችሁ ቡጢ ብቻ የምትሰነዝሩ ከሆነ፣ ያ ሰውዬ ቀይ ልብስ የለበሰ ማንም ነው። በዚህ ሚዛን ሲለካ ዝርዝሩ በጣም ያጥራል። ቀሪዎቹ ግን ዛሬም ቢሆን አንጀት ያርሳሉ።

መጀመሪያ ዕቃውን አስተካክሉ

ሜሞሪ ካርድ ሳይኖራችሁ ትልቅ ጌም አትጀምሩ። ኮንሶሉ ለብቻው ሴቭ የሚያደርግበት ቦታ የለውም፤ ስታጠፉት የለፋችሁበት ሁሉ አብሮ ይጠፋል። ኦሪጅናሉ ካርድ 8 ሜጋባይት ነው። ትንሽ ይመስላል እንጂ እዚህ ለምጠራቸው ጌሞች ይበቃል። እጅግ ትልቅ መጠን የተጻፈባቸውን ስም የለሽ ካርዶች ግን ተጠንቀቁ፣ አንዳንዶቹ ሴቭ ይበላሉ። የፕሌይስቴሽን 1 ካርድም እዚያው ቀዳዳ ውስጥ ይገባል፣ ነገር ግን የፕሌይስቴሽን 2ን ሴቭ አይቀበልም። ሁለት ካርድ ካላችሁ ዲስክ ሳታስገቡ ኮንሶሉን ክፈቱና ብራውዘር የሚለው የኮንሶሉ ገጽ ውስጥ ገብታችሁ ሴቩን ከአንዱ ወደ ሌላው ኮፒ አድርጉ።

ጌሙ ከተቆራረጠ ወይም መሀል ላይ ቀጥ ካለ ኮንሶሉን ከመፍታታችሁ በፊት ዲስኩን ጥረጉ። ለስላሳ ጨርቅ፣ ከመሀል ወደ ዳር፣ በቀጥታ መስመር። እያዞራችሁ ከጠረጋችሁ የሚፈጠረው ጭረት የመረጃውን መስመር ተከትሎ ስለሚሄድ ማንበብ የበለጠ ይከብደዋል። ዲስክ ስትገዙም የኮንሶላችሁን ሪጅን፣ ማለትም የተሠራለትን የዓለም ክፍል፣ እዩ። ፓል ዲስክ ኤንቲኤስሲ ኮንሶል ላይ፣ ወይም በተቃራኒው፣ እንዲሁ ዝም ብሎ አይሠራም።

ስለ ምስሉ ደግሞ፦ ያ ባለ ቢጫ ጫፍ ኬብል አዲስ ቲቪ ላይ ሲሰካ ሁሉም ነገር ጭጋግ ይመስላል። ኮምፖነንት የሚባለው፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊና ቀይ ጫፍ ያለው፣ ብዙ ያሻሽለዋል። ግን ኬብሉን ከመቀየራችሁ በፊት፣ ቢጫው ገና እንደተሰካ፣ ሲስተም ኮንፊግሬሽን ውስጥ ገብታችሁ ኮምፖነንት ቪዲዮ አውት የሚለውን ከአርጂቢ ወደ ሌላው ምርጫ አዙሩት። ይህን ረስታችሁ ኬብሉን ከቀየራችሁ ቀለሙ የተዛባ ምስል ይመጣና ቲቪው የተበላሸ ይመስላችኋል። ቲቪው ጌም ሞድ ካለው እሱንም አብሩ። በተን ተጭናችሁ ጀግናው ዘግይቶ የሚዘልላችሁ ከሆነ ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የቲቪው ነው።

ከሃልክ ጀምሩ

አንድ ጌም ብቻ ምረጥ ብትሉኝ ኢንክሬዲብል ሃልክ፦ አልቲሜት ዲስትራክሽን ነው። በ2005 ራዲካል ኢንተርቴይንመንት የሠራው ነው፤ ሠሪዎቹ ኃይል ማለት ምን እንደሆነ ገብቷቸዋል። ያው ኩባንያ ለ2003ቱ ፊልም በሠራው የሃልክ ጌም ላይ ግማሹን ጊዜ ብሩስ ባነር፣ ማለትም ወደ ሃልክ ያልተለወጠው ሰውዬ፣ ሆናችሁ በጓዳ በጓሮ ትደበቁ ነበር። እዚህ ያ ሁሉ ጣጣ ቀርቷል። ሃልክ ናችሁ፣ በቃ።

መኪና አንስታችሁ መወርወር የትም አለ። እዚህ ግን መኪናውን ለሁለት ገንጥላችሁ እንደ ብረት ጓንት እጃችሁ ላይ ታጠልቁታላችሁ፣ ከዚያ ታንክ ትቀጠቅጡበታላችሁ። አውቶቡስ ጨፍልቃችሁ እንደ ስኬትቦርድ መንገዱ ላይ ትንሸራተቱበታላችሁ። እነዚህ ሁሉ ግን ከመጀመሪያው አይሰጧችሁም፣ በምታፈርሱት ልክ በምታገኙት ነጥብ ይገዛሉ። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። ታሪኩን ብቻ እየተከተለ ይሄድና መሀል ላይ ቦስ (ከሌሎቹ የሚበረታ ጠላት) ሲገጥመው በሁለት ዓይነት ቡጢ ብቻ ይጨነቃል። መጀመሪያ ከተማው ውስጥ ተዝናኑ፣ አፍርሱ፣ ትንንሾቹን ፈተናዎች ሥሩ፣ ነጥብ ሰብስቡ። የመኪናውን ጓንት ቶሎ ግዙ።

የሕይወት መስመራችሁ ሲሞላ አትቁሙ፣ መሰባበራችሁን ቀጥሉ። ከሙሉው አልፎ ሲሄድ ዲቫስቴተር የሚባሉትን ከባድ ምቶች መልቀቅ ትችላላችሁ፣ አንዱ ብቻ ሰፈሩን ያጸዳዋል። ሠራዊቱ ከበረታባችሁ ደግሞ ለመጨረስ እልህ አትጋቡ። ግድግዳ ላይ ሮጣችሁ ውጡ፣ ከጣሪያ ወደ ጣሪያ ረጅም ዝላይ እየዘለላችሁ ራቁ፣ ይረሷችኋል።

ስፓይደርማን፦ ሦስቱ ብቻ

በ2002 የወጣው የመጀመሪያው ስፓይደርማን አሪፍ ነበር፣ ተዋናዩ ቶቢ ማጓየር ራሱ ድምፁን ሰጥቶበታል። ችግሩ ድሩ የሚለጠፈው ሰማይ ላይ ነው። ቀና ብላችሁ ብታዩ ምንም የለም፣ ሰውዬው ግን ይወዛወዛል። በከተማው ደረጃዎች ላይ ደግሞ መንገድ መውረድ አይቻልም፣ ከወደቃችሁ አለቀ። ትውስታ ላለው ሰው ደህና ነው። ለአዲስ ተጫዋች አላስቀድመውም።

ስፓይደርማን 2፣ የ2004ቱ፣ ነገሩን ገለበጠው። እዚህ ድሩ እውነተኛ ሕንፃ ላይ ካልተለጠፈ አይሠራም። ረጅም ፎቆች ያሉበት መንገድ ላይ ትበራላችሁ፣ ዝቅተኛ ቤቶች ያሉበት ሰፈር ስትደርሱ ፍጥነታችሁ ይወርዳል፣ ወንዝ ላይ ከሆናችሁ የምትይዙት የለም። ጆይስቲኩን የያዘ ሰው መጀመሪያ ላይ ከግድግዳ ጋር እየተላተመ ይበሽቃል፤ ያ የተለመደ ነው፣ እንዳትተዉት።

አካሄዱ ይኼ ነው። ከፍ ካለ ጣሪያ ጀምሩ። ኤክስን ይዛችሁ ቆዩና ልቀቁ፣ ረጅም ይዘላል። መውደቅ ስትጀምሩ ወዲያው ድር አትወርውሩ፣ ትንሽ ውረዱ፤ ፍጥነቱ የሚመጣው ከዚያ ውድቀት ነው። ከዚያ አር2ን ተጭናችሁ ያዙ። ውዝዋዜው ወደ ታች ወስዶ ወደ ላይ ማውጣት ሲጀምር፣ ጫፍ ላይ ከመድረሳችሁ በፊት ልቀቁ፤ ቀድማችሁ ከለቀቃችሁ ወደ መሬት ትሄዳላችሁ፣ ከዘገያችሁ ደግሞ አየር ላይ ቀጥ ትላላችሁ። ይኼ እጅ ሲገባ ሚሽኑን ሁሉ ትረሱና ዝም ብላችሁ ከተማውን መዞር ትጀምራላችሁ። ነጥብ ስታገኙ ከውጊያ ምት በፊት የመወዛወዝ ፍጥነትን ግዙ።

እውነቱን ለመናገር ሚሽኖቹ ይደጋገማሉ። ፒዛ ማድረሱ፣ ፊኛ ያመለጠበት ልጅ፣ ባንክ የሚዘርፉት ሌቦች፣ ዞሮ ዞሮ እነዚያው ናቸው። የምትጫወቱት ለበረራው ነው። ደግሞ ይኸው ስም ያለው የኮምፒውተሩ ጌም ፈጽሞ ሌላ ነገር መሆኑን እወቁ፣ ለልጆች ተብሎ የቀለለ ነው፤ እሱን አይቶ ይኼኛውን የናቀ ሰው አያጣም።

ሦስተኛው አልቲሜት ስፓይደርማን ነው፣ 2005። መልኩ እንደ ኮሚክ መጽሐፍ ስለተሳለ እስከ ዛሬ አላረጀም፤ እውነተኛ ፊት ለማሳየት የሞከሩት እኩዮቹ ዛሬ የሰም አሻንጉሊት መስለዋል። የስፓይደርማን ጠላት የሆነውን ቬነምን ሆናችሁም ትጫወታላችሁ፣ ሕይወት ሲያንሳችሁ መንገደኛ ትውጣላችሁ። ክፉ መሆን የሚያስደስት ከሆነ እዚህ ነው። ድሩ ከስፓይደርማን 2 ይቀላል፣ ጥልቀቱም በዚያው ልክ ይቀንሳል። የሚያናድደው ታሪኩ እንዲቀጥል በየመሀሉ የከተማ ሥራዎችን ካልሠራህ የሚላችሁ ነገር ነው። በእሳት ከሚበረው ጀግና ከሂዩማን ቶርች ጋር የሚደረጉት ሩጫዎች ከበዱ ካላችሁ ከፍ አትበሉ፣ ዝቅ ብላችሁ አጫጭር ድር እየተጠቀማችሁ ሂዱ።

ለጓደኛ የሚሆኑት

ሰው ቤት ከመጣ ማርቭል፦ አልቲሜት አሊያንስ (2006) አውጡ። ከላይ የሚታይ ጌም ነው፣ አራት ጀግና ይዛችሁ ትዘምታላችሁ። ብቻችሁን ከሆናችሁ ከአንዱ ወደ ሌላው ትቀያየራላችሁ። ኮንሶሉ ያለው ሁለት የጆይስቲክ ቀዳዳ ስለሆነ ለአራት ሰው መልቲታፕ የሚባለው ማከፋፈያ ያስፈልጋል፤ ለወፍራሙና ለስሊሙ ኮንሶል የሚሆነው የተለያየ ነው፣ ሳታረጋግጡ አትግዙ።

ሁሉንም ጀግና አታሳድጉ። አራት መርጣችሁ ቆዩ። የቡድን ዝምድና ዋጋ አለው፤ ለምሳሌ የፋንታስቲክ ፎር አባላትን አንድ ላይ ብታሰልፉ ተጨማሪ ጥቅም ታገኛላችሁ። የሺልድ (በታሪኩ ውስጥ ጀግኖቹን የሚያግዘው ድርጅት) መግቢያ ነጥብ ባያችሁ ቁጥር ሴቭ አድርጉ። የጎን ሚሽኖቹን ደግሞ አትዝለሉ። መጨረሻ ላይ ያደረጋችሁትና ያላደረጋችሁት እየተነሳ ምን እንዳስከተለ ይነገራችኋል፤ መሀል ላይ ደግሞ ከሁለት ጀግኖች አንዱን ብቻ የምታድኑበት ቦታ አለ፣ እሱን አልነግራችሁም።

ይህ ከተስማማችሁ ወደ ኋላ ሄዳችሁ ኤክስሜን ሌጀንድስ (2004) እና ተከታዩን (2005) ፈልጉ፣ አልቲሜት አሊያንስን የሠራው ሬቨን ሶፍትዌር ነው የሠራቸው። ሁለተኛው ከመጀመሪያው ይሻላል። ጀስቲስ ሊግ ሂሮስም (2006) በዚሁ መንገድ ለሁለት ሰው የተሠራ ነው፣ አጭርና ቀላል። ልጆች ካሉ ሌጎ ባትማን።

ጓደኛችሁ መደባደብ ብቻ የሚፈልግ ከሆነስ? ማርቭል ቨርሰስ ካፕኮም 2። 56 ተፋላሚ፣ ሦስት ለሦስት። ስክሪኑ ላይ የሚሆነው ነገር እስኪገባችሁ ጊዜ ይወስዳል፣ ግን ሳቁ አይቆምም።

ኃይል የማይሰጡ ግን የማይናቁ

ባትማን ቢጊንስ (2005) ውስጥ ፊት ለፊት ከተጋፈጣችሁ ጠመንጃ የያዙት ቶሎ ይጥሏችኋል። መንገዱ ማስፈራራት ነው። ከላይ ተደብቃችሁ ዙሪያውን እዩ፣ የሚወድቅ ወይም የሚፈነዳ ዕቃ ፈልጉ፣ አውርዱባቸው። ሰዎቹ ደንግጠው መሣሪያቸውን ይጥላሉ፣ ያኔ ውረዱባቸው። ጌሙ ምን ማድረግ እንዳለባችሁ አብዝቶ ይነግራችኋል፣ ያ ትንሽ ይሰለቻል፤ ሐሳቡ ግን ከባትማን ጋር ልክክ ይላል።

ኤክስ2፦ ዎልቨሪንስ ሪቬንጅ (2003) ከባድ ነው፣ ሴቭ ማድረጊያውም ተራርቋል። አንድ ነገር ካወቃችሁ ግን ይቀላል፦ ቁስሉ የሚድነው ከእጁ የሚመዘዙት ጥፍሮቹ ሲገቡ ነው። ከውጊያ በኋላ ጥፍራችሁን አስገብታችሁ ጥግ ያዙ፣ ሕይወት እስኪመለስ ጠብቁ። ጥፍሩን እንደመዘዘ የሚዞር ሰው ቀጣዩን በር አያልፍም።

ስሙ አንድ፣ ጌሙ ሌላ

ከ2007 ጀምሮ ያሉትን ዲስኮች በጥርጣሬ እዩ። በዚያን ጊዜ ዋናው ሥራ ለአዲሶቹ ኮንሶሎች ነበር፤ ለፕሌይስቴሽን 2 ደግሞ በዚያው ስም ሌላ ቡድን ሌላ ጌም ይሠራ ነበር። ስፓይደርማን 3 እዚህ ያለው ከፕሌይስቴሽን 3ቱ የተለየ ነው። ዌብ ኦፍ ሻዶውስ ደግሞ ጭራሽ ወደ ጎን ብቻ የሚኬድበት ጌም ሆኗል፣ ሽፋኑን አይታችሁ ሰፊ ከተማ ከጠበቃችሁ ትናደዳላችሁ። ኤክስሜን ኦሪጅንስ፦ ዎልቨሪንም እንደዚያው፣ የተመሰገነው የፕሌይስቴሽን 3ቱ ነው። ቪዲዮ አይታችሁ ልትገዙ ካሰባችሁ ቪዲዮው የየትኛው ኮንሶል እንደሆነ አረጋግጡ።

ካትዉማንን፣ አይረንማንን እና ሱፐርማን ሪተርንስን በነፃ ቢሰጧችሁም አስቡበት። የመጨረሻው እንኳ ጥሩ ሐሳብ ነበረው፤ ሱፐርማን ስለማይሞት የሚያልቀው የእሱ ሳይሆን የከተማው ሕይወት ነው። መብረሩ ለትንሽ ጊዜ ደስ ይላል፣ ከዚያ በኋላ ግን እዚያው ከተማ ላይ እነዚያኑ ሮቦቶች ስትደበድቡ ትውላላችሁ።