ዘጋቢ ፊልም ስትሠሩ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ማንም ዞር ብሎ ያላያቸውን ሰዎች በግሉ የሚቀርጽ ፊልም ሠሪ ገንዘብ ያጥረዋል፣ ረዳትም የለውም። ፊልሙን ገደል የሚከተው ግን ብዙ ጊዜ ሌላ ነገር ነው።

ታሪኩን ቤት ጨርሶ መሄድ። ለእኔ ትልቁ ጥፋት ይሄ ነው። ሰዎቹን ሳያገኝ «ምስኪኖች ናቸው» ብሎ የወሰነ ሰው እንባ ሲፈልግ ይውላል። ሲሳሳቁ፣ ሲጨቃጨቁ፣ በዋጋ ሲከራከሩ ካሜራውን ያጠፋል። በሽታው አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1922 የወጣውን «ናኑክ ኦፍ ዘ ኖርዝ» የተባለ ዘጋቢ ፊልም እንውሰድ። የፊልሙ ሠሪ ሮበርት ፍላኸርቲ በሰሜን ካናዳ የቀረጻቸው ኢኑዊቶች (የአካባቢው ነባር ሕዝቦች) ጠመንጃ ነበራቸው። ለፊልሙ ግን እንደ አያቶቻቸው በጦር እንዲያድኑ ተደረገ። የባለታሪኩ እውነተኛ ስምም ናኑክ ሳይሆን አላካሪያላክ ነው። ሰውየው ስሙን እንኳ ሳይዝ ታዋቂ ሆነ!

በደረሱ ሰዓት ካሜራ ማውጣት። ሌንሱ ሲዞርባት ሴትየዋ ልብሷን ታስተካክላለች፣ ድምፅዋ ይቀየራል፣ ቅድም ስታወራ የነበረችው ነገር ንግግር ይሆናል። መጀመሪያ ባዶ እጃችሁን ሂዱ። ሥራ ላይ ከሆኑ አግዟቸው። ካሜራው ሲወጣም መጀመሪያ እነሱ ይዘው ይዩበት።

አስፈርሞ መገላገል። የፈቃድ ወረቀቱ እናንተን ከክስ ያድናችሁ ይሆናል እንጂ ሰውየው ምን እንደፈቀደ ላይገባው ይችላል። ፊልሙ ኢንተርኔት ላይ ሲወጣ ጎረቤቱም አሠሪውም ያየዋል፤ ይህን በግልጽ ንገሩት። ዛሬ እሺ ያለ ሰው ነገ ሊጨንቀው ስለሚችል ኤዲቲንጉ ሲያልቅ እንደገና ጠይቁ።

ድምፅን መናቅ። ተመልካች የደበዘዘ ምስል ይታገሣል፣ የማይሰማ ንግግር ግን አይታገሥም። አንዴ ሄድፎን ሳላደርግ ረጅም ቃለ መጠይቅ ቀረጽኩ። ቤት ስከፍተው ከሰውየው በላይ የሚሰማው ፍሪጁ ነው። ከዚያ ወዲህ ማይኩን ደረታቸው ላይ አስሬ ሄድፎን ሳላደርግ አልጀምርም። ስጨርስም ሁሉም ሰው ዝም ብሎ የክፍሉን ድምፅ ብቻ 30 ሰከንድ እቀዳለሁ። ኤዲቲንግ ላይ የተቆራረጠውን የሚያያይዝልኝ እሱ ነው።

ቀረጻን አንድ ቦታ ማስቀመጥ። ሁለት ሃርድ ዲስክ፣ ሁለት ቤት። በቃ።

ለባለታሪኮቹ ሳያሳዩ ማውጣት። ፈረንሳዊው ፊልም ሠሪ ዣን ሩሽ ኒጀር ውስጥ የቀረጸውን የጉማሬ አደን ፊልም መልሶ ለአዳኞቹ አሳያቸው። ትዕይንቱን ሞቅ ለማድረግ የአካባቢውን የአደን ሙዚቃ ጨምሮበት ነበር። እነሱ ግን ሙዚቃውን አልወደዱትም። ጉማሬ ሲታደን ትንፍሽ አይባልም፤ ያን ሁሉ ድምፅ ቢሰማ ገና ድሮ ያመልጥ ነበር።