ቱርጌኔቭን እንዴት ማንበብ ይቻላል፦ ከ«ሙሙ» እስከ «አባቶችና ልጆች»

ከሩሲያ ደራሲዎች ከማን ልጀምር ብሎ ለሚጠይቀኝ ሰው መልሴ አንድ ነው። ኢቫን ቱርጌኔቭ። የቶልስቶይ መጻሕፍት ወፋፍራም ናቸው፣ ዶስቶየቭስኪ ደግሞ ያስጨንቃል። የቱርጌኔቭን ልብወለድ ግን ቅዳሜና እሁድ ቁጭ ብላችሁ ትጨርሱታላችሁ።

አጭር ስለሆነ ቀላል እንዳይመስላችሁ። ብዙ ነገር ሳይናገር ያልፋል። ሰዎቹ እርስ በርስ እንዴት እንደሚጠራሩና እጃቸውን ምን እንደሚያደርጉ ያላየ አንባቢ ግማሹ ታሪክ ያመልጠዋል። እኔን አምልጦኛል። ስለዚህ ይህን የምጽፈው ተሳስቼ በተማርኩት መንገድ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

1. ከትንሹ ጀምሩ

እኔ የጀመርኩት ከ«ድንግል መሬት» ነበር። ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ አሮጌ መጽሐፍ ከሚሸጡት ዘንድ ያገኘሁት እሱን ብቻ ስለነበረ ነው። በ1877 የወጣ፣ የመጨረሻውና ረጅሙ ልብወለዱ ነው። ስልሳኛው ገጽ ላይ ተውኩት። ከዚያ በኋላ ሦስት ዓመት ሙሉ ቱርጌኔቭን አልነካሁም። ጥፋቱ የመጽሐፉ አልነበረም፤ ያለ ቦታው መግባቴ ነው።

ቅደም ተከተሉ እንዲህ ይሁን። መጀመሪያ «ሙሙ»፤ በአንድ ትንፋሽ ያልቃል። ቀጥሎ «የመጀመሪያ ፍቅር»። ከዚያ «የአዳኝ ማስታወሻዎች» ከሚባለው የአጫጭር ታሪኮች ስብስብ «ቤዢን ሜዳ»ንና «ዘፋኞቹ»ን። አራተኛ «አባቶችና ልጆች»። ከዚያ ወዲያ ያለውን ራሳችሁ ትመርጣላችሁ።

«ሙሙ»ን ከማንበባችሁ በፊት አንድ ነገር እወቁ። ቱርጌኔቭ በ1852 ደራሲው ጎጎል ሲሞት የኀዘን ጽሑፍ ጻፈ። የፒተርስበርግ ሳንሱር ከለከለው፤ እሱ ግን ሞስኮ ላይ አሳተመው። ለዚህ አንድ ወር አሰሩት፤ ቀጥሎም ወደ ርስቱ ተላከና ከዚያ እንዳይወጣ ተደረገ። «ሙሙ»ን የጻፈው በእስር ላይ ሳለ ነው። በታሪኩ ያለችው አሮጊት እመቤት የተቀዳችው ከገዛ እናቱ ነው። የቡችላዋ የሙሙ ጌታ፣ መስማትና መናገር የተሳነው ጌራሲምም፣ በእናቱ ቤት ከኖረ ሰው የተቀዳ ነው። ታሪኩ ላይ ያለው ቁጣ ከዚያ ይመጣል።

2. ትርጉም መምረጥ፣ መግቢያውን መዝለል

እኔ ያነበብኩት በእንግሊዝኛ ነው። የኮንስታንስ ጋርኔት ትርጉሞች በ1890ዎቹ የተሠሩ ስለሆኑ ኢንተርኔት ላይ በነጻ ይገኛሉ። ቋንቋቸው ትንሽ ያረጀ ነው፣ ግን ልብ አላቸው። ገንዘብ ማውጣት ለሚችል የሪቻርድ ፍሪቦርን ትርጉም ይሻላል፤ ዓረፍተ ነገሩ ንጹህ ነው።

ርዕሱ ላይ አንድ ማስተካከያ አድርጉ። እንግሊዝኛው ብዙ ጊዜ «አባቶችና ወንዶች ልጆች» ብሎ ነው የሚተረጉመው። የሩሲያኛው ቃል ግን ልክ እንደኛ «ልጆች» ነው፤ ሴቱንም ወንዱንም ይይዛል። በዚህ የኛ ቋንቋ ከእንግሊዝኛው ይበልጣል።

አሁን ማስጠንቀቂያ። መጽሐፉ መጀመሪያ ላይ ምሁር የጻፈው መግቢያ ካለ አታንብቡት። «የመጀመሪያ ፍቅር»ን የገዛሁት እትም ሃያ ገጽ መግቢያ ነበረው። ጨዋ አንባቢ ልሁን ብዬ ከመጀመሪያው ጀመርኩ። ሦስተኛው ገጽ ላይ የታሪኩን ምስጢር ዘረገፈው። የአሥራ ስድስት ዓመቱ ልጅ ቀስ በቀስ የሚደርስበትን ነገር እኔ ቀድሜው አወቅሁት። የመጀመሪያ ንባብ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሚገኘው። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። መግቢያ ታሪኩ ካለቀ በኋላ ይነበባል። ዩቲዩብ ላይ ያሉ ማጠቃለያዎችም ያው ናቸው፤ ቱርጌኔቭ ሲጠቃለል ምንም አይተርፈውም።

3. «ሰርፍ»ን እንደ ጭሰኛ አታንብቡት

እኛ ገበሬና ባላባት ስንሰማ ጭሰኛ ትዝ ይለናል። ይመሳሰላል፣ ግን አንድ አይደለም። የሩሲያው ሰርፍ የጌታው ንብረት ነበር። ይሸጣል፣ ይዳራል፣ ከእርሻ ወስደው ከተማ ውስጥ ዘበኛ ያደርጉታል። የባላባት ሀብት የሚቆጠረው በ«ነፍስ» ነበር፤ የሚቆጠሩትም ወንዶቹ ብቻ ናቸው። ይህ ሥርዓት የተሻረው በ1861 ነው።

«አባቶችና ልጆች» የወጣው በ1862 ቢሆንም ታሪኩ የሚጀምረው ግንቦት 20 ቀን 1859 ነው፤ አዋጁ ሊወጣ ሁለት ዓመት ሲቀረው። ቀኑም ቢሆን በድሮው የሩሲያ ካላንደር ስለሆነ ከምዕራቡ በ12 ቀን ወደ ኋላ ይቀራል። ሁለት ካላንደር ይዞ መኖር ለኛ አዲስ አይደለም። የመጀመሪያው ምዕራፍ ላይ ባላባቱ ኒኮላይ ፔትሮቪች የ200 ነፍስ ርስት እንዳለው ይነገረናል። እሱ ራሱ ግን ከገበሬዎቹ ጋር መሬት ከተካፈለ ወዲህ ሁለት ሺህ ዴሲያቲን (የድሮ የሩሲያ የመሬት ልክ ነው) መሬት አለኝ ማለት ይመርጣል። ነፍስ መቁጠር ያሳፈረው ሰው ነው። ደራሲው ይህን ሁሉ በአንድ ዓረፍተ ነገር ጨርሶት ያልፋል፤ አንባቢም እንዲያው ያልፈዋል። እናንተ ቁሙና እዩት።

4. ስሞቹ

ብዙ ሰው የሩሲያ መጽሐፍ የሚጥለው እዚህ ላይ ነው። እኔም «አባቶችና ልጆች»ን ስጨርስ ፌንየችካና ፌዶስያ ኒኮላየቭና ሁለት ሴቶች ነበሩ የመሰሉኝ። አንዲት ሴት ናት። ይህን ሳላውቅ በማንበቤ የመጽሐፉን ትልቅ ለውጥ ሳላየው ቀረሁ።

አበሻ አንባቢ እዚህ ላይ ከፈረንጁ ይቀድማል፤ በአባት ስም መጠራት ለኛ ብርቅ አይደለም። ፔትሮቪች ማለት የጴጥሮስ ልጅ ማለት ነው። ኒኮላይ ፔትሮቪችና ፓቬል ፔትሮቪች ወንድማማቾች መሆናቸውን ማንም ሳይነግራችሁ ታውቁታላችሁ። ሴት ስትሆን ፔትሮቭና ይሆናል። ሦስተኛው ስም፣ ኪርሳኖቭ የሚለው፣ የቤተሰብ ነው።

ልዩነቱ አጠቃቀሙ ላይ ነው። እኛ ሰውን ስናከብር «አቶ» እንላለን። ሩሲያ ውስጥ የአባትን ስም ጨምሮ መጥራት ራሱ ክብር ነው። ስለዚህ «ኒኮላይ ፔትሮቪች» የሚል ስታገኙ በልባችሁ «አቶ ኒኮላይ» በሉት። ወዲያው ይቀላል።

ከዚያ የቁልምጫ ስም አለ። የኒኮላይ ፔትሮቪች ልጅ አርካዲ ለአባቱ አርካሻ ነው። ጓደኛው ባዛሮቭ፣ ያ ማንንም የማይፈራው ወጣት ሐኪም፣ እናቱ ፊት ሲቆም ኤንዩሻ ይሆናል። እኛ አበበን አቤ እንደምንለው ማለት ነው። ቁልምጫው ባዛሮቭ ገና ልጅ እንደሆነ ይነግራችኋል፤ ደራሲው ሌላ ማብራሪያ አይጨምርም።

ወደ ፌንየችካ ልመለስ። ይህ የቁልምጫ ስሟ ነው። የምትኖረው በኒኮላይ ፔትሮቪች ቤት፣ ከልጃቸው ከሚትያ ጋር ነው፤ ግን በወጉ የተጋባችው ሚስቱ አይደለችም። ማን ፌንየችካ፣ ማን ፌዶስያ ኒኮላየቭና ብሎ እንደሚጠራት ተከታተሉ። የቤቱን ጉዳይ ሁሉ እዚያ ታገኙታላችሁ።

በጣም የምወደው ቦታ ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ነው። ኒኮላይ ፔትሮቪች እንግዳውን በትህትና ስምህንና የአባትህን ስም ንገረኝ ይለዋል። ባዛሮቭ «የቭጌኒ ቫሲሊየቭ» ብሎ ይመልሳል። የተማረ ሰው «ቫሲሊች» ነው የሚለው። «ቫሲሊየቭ» ያኔ የገበሬ አጠራር ነበር። አያቴ መሬት አርሷል ብሎ የሚኮራው ሰው ገና በሩ ላይ ማን እንደሆነ ተናገረ ማለት ነው። ጋሼ ኒኮላይ ግን ወዲያው «ቫሲሊች» ብሎ ወደ ጨዋው አጠራር ይመልሰዋል። ትርጉሙ ላይ ግርጌ ማስታወሻ ከሌለ ይህ ሁሉ ያልፋችኋል።

መሣሪያው ቀላል ነው። ከደብተር አንድ ወረቀት በቁመቱ ቅደዱና እንደ ዕልባት ተጠቀሙበት። ሦስት ነገር ጻፉበት፦ ሙሉ ስም፣ የቁልምጫ ስም፣ እንዲህ ብሎ የሚጠራው ማን እንደሆነ። ስልክ ላይ መጻፍ ሞክሬ ነበር፤ ስልኩን ባነሳሁ ቁጥር ሌላ ነገር ውስጥ እየገባሁ ተውኩት።

እግረ መንገዴን፣ ሩሲያኛ እንደ አማርኛ «አንተ»ና «እርስዎ» አለው። እንግሊዝኛው ሁለቱን አንድ አድርጎ ይጨፈልቃቸዋል። ንግግር ባጋጠማችሁ ቁጥር በአማርኛ ምን ይባባሉ ነበር ብላችሁ ጠይቁ። ባዛሮቭና አርካዲ አንተ ይባባላሉ። ባዛሮቭና ፓቬል ፔትሮቪች ግን እየተጠላሉም እርስዎ ናቸው። ጠባቸው በእርስዎ ሲነበብ የበለጠ ይቀዘቅዛል፣ የበለጠም ያስፈራል።

5. እጆችን ተከተሉ

ቱርጌኔቭ ይህ ሰው ያንን ሰው ናቀው ብሎ አይጽፍም። ባዛሮቭ ከሠረገላው ሲወርድ ኒኮላይ ፔትሮቪች ቀይና ጓንት ያላጠለቀ የእንግዳውን እጅ ይጨብጣል፤ ባዛሮቭ ግን እጁን የሰጠው ወዲያው አይደለም። ቤት ሲደርሱ ፓቬል ፔትሮቪች ይመጣል። ጥፍሩ ረጅምና ሮዝማ ነው። እንደ በረዶ የነጣው እጅጌው በአንድ ትልቅ ኦፓል ተቆልፏል። ለወንድሙ ልጅ እጁን ይዘረጋል። ለባዛሮቭ በትንሹ ጎንበስ ብሎ ፈገግ ይልና እጁን መልሶ ኪሱ ይከታል።

ጠቡ እዚያው ተጀመረ። ስለ ሳይንስና ስለ ሥነ ጥበብ የሚከራከሩት በኋላ ነው። ብዙ ተንታኝ በክርክሩ ላይ ይደክማል፤ እኔ ግን እስከ መጨረሻው ገጽ እጆቹን ብትከተሉ ይሻላል ባይ ነኝ። የ«ሙሙ»ን ጌራሲምንም እንዲሁ።

6. ሜዳውንና ሰማዩን አትዝለሉ

ታሪኩ ይቅደም ብሎ የተፈጥሮ ገለጻውን የሚዘል ሰው ብዙ ነው። «ቤዢን ሜዳ» ላይ ይህን ካደረጋችሁ ምንም አይቀራችሁም። አዳኙ መንገድ ጠፍቶት ይመሽበታል። ሌሊት ፈረስ የሚጠብቁ አምስት ልጆች እሳት ከበው ያገኛል። ድስቷ ውስጥ ድንች ይፈላል። ልጆቹ ስለ ጫካ መንፈስና ስለ ሰመጡ ሰዎች እያወሩ እርስ በርስ ይፈራራሉ። ድንገት ነጭ እርግብ ከጨለማው ወደ ብርሃኑ ትገባለች፤ ደንግጣ አንድ ቦታ ላይ ትሽከረከርና ትጠፋለች። አንደኛው ልጅ የጻድቅ ነፍስ ወደ ሰማይ እየበረረች ይሆን ወይ ብሎ ይጠይቃል። በእረኝነት ያደገ ሰው ይህን ሌሊት ያውቀዋል። ብቻ በችኮላ አታንብቡት፤ ከተቻለ በማታ አንብቡት።

7. ለሌላ ሰው በአማርኛ አንብቡለት

ይህን የማንንም ምክር ሰምቼ አይደለም የጀመርኩት። አንድ እሁድ እናቴ ቡና እያፈላች «ምንድን ነው እንዲህ ያስተከዘህ?» አለችኝ። «ሙሙ»ን ይዤ ነበር። እዚያው በቃሌ እየተረጎምኩ አነበብኩላት። የቤቱ አዛዥ ጋቭሪላ ለእመቤቱ ሲመልስ «እሺ» ብዬ ተረጎምኩት። «እሺ ብቻ አይልም፤ እሺ እመቤቴ ነው የሚለው» ብላ አረመችኝ። ልክ ነበረች። ከዚያ ወዲያ ማን ለማን እንዴት እንደሚናገር እሷ መረጠችልኝ።

ታሪኩ ያለቀው በረካው ሲቀዳ ነው። ስኒዋን እንደያዘች ስለ ጌራሲም አንድ ጥያቄ ጠየቀችኝ። ጥያቄውን እዚህ አልጽፈውም፤ አንብባችሁ ስትጨርሱ እናንተም ያንኑ ትጠይቃላችሁ። ወደ ገጹ ተመልሼ ፈለግሁ። ቱርጌኔቭ ስለዚያ አንድም ቃል አልጻፈም።

«እስቲ ሙሙን ከወንዙ ካወጣት ጀምረህ ድገምልኝ» አለች። ደገምኩላት።