ሰንሰለቱ ወዴት ይረዝማል? በዘረመል ቅጂና በፕሮቲን ግንባታ ትምህርት ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

ለ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ባዮሎጂ ሳስረዳ አንድ ነገር ይደጋገምብኛል። «ኢሎንጌሽን ምንድን ነው?» ብዬ ስጠይቅ በዘረመል ቅጂም ሆነ በፕሮቲን ግንባታ ከጅማሬው ቀጥሎ፣ ከማብቂያው በፊት ያለው፣ ሰንሰለቱን የማራዘም ደረጃ መሆኑን ሳይደናቀፉ ይመልሱልኛል። ጠመኔ ሰጥቼ «እስቲ ሰንሰለቱ ሲረዝም ሰሌዳው ላይ አሳዩኝ» ስላቸው ግን እጃቸው ይቆማል። ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ስለሚሰጥ ቃሉን ሸምድደውታል፤ ሂደቱ ግን በዓይነ ሕሊናቸው አልተሣለም። ቀጥሎ ያሉትን ስህተቶች የሰበሰብኩት ከዚያ ሰሌዳ ነው።

የመጀመሪያው የአቅጣጫ ስህተት ነው። ትራንስክሪፕሽን በሚባለው፣ ዘረመልን ወደ አርኤንኤ የመቅዳት ሥራ አርኤንኤ ፖሊመሬዝ የተባለው ኢንዛይም አብነት የሆነውን የዲኤንኤ ክር ከ3 ፕራይም ወደ 5 ፕራይም (የክሩ ሁለት ጫፎች መጠሪያ ናቸው) ያነባል፤ አዲሱን አርኤንኤ ደግሞ ከ5 ፕራይም ወደ 3 ፕራይም ያረዝማል። አብነቱ ከ3 ፕራይም ጫፉ ሲነበብ «ቲኤሲ ጂጂኤ ሲቲቲ» ነው እንበል። ቅጂው ከ5 ፕራይም ጀምሮ «ኤዩጂ ሲሲዩ ጂኤኤ» ይሆናል፤ በየሦስት ፊደሉ አንድ አሚኖ አሲድ፣ ማለትም አንድ የፕሮቲን ጡብ፣ ስለሚነበብ ይህ ሜቲዮኒን፣ ፕሮሊንና ግሉታሚክ አሲድ ነው። ያንኑ ክር ከሌላኛው ጫፍ የጀመረ ተማሪ «ኤኤጂ ዩሲሲ ጂዩኤ» ብሎ ይጽፍና ላይሲን፣ ሴሪንና ቫሊን ያገኛል። ፊደላቱን በትክክል አጣምሯል፤ ሦስቱም አሚኖ አሲዶች ግን ሌላ ሆነዋል። ስለዚህ አንድም ፊደል ከመጻፋችሁ በፊት 3 እና 5ን በክሩ ጫፎች ላይ አስቀምጡ።

ሁለተኛው ከዲኤንኤ መባዛት ትምህርት ተሻግሮ የሚመጣ ነው። ተማሪዎች ፕራይመር የተባለውን አስጀማሪ አጭር ክርና ሄሊኬዝ የተባለውን ዲኤንኤ ከፋች ኢንዛይም ይዘው ወደ ቅጂው ሥራ ይገባሉ። አርኤንኤ ፖሊመሬዝ ፕራይመር አያስፈልገውም፤ ሰንሰለቱን ሲያረዝምም ከፊቱ ያለውን ዲኤንኤ ራሱ እየከፈተ ይሄዳል። አዲሱ አርኤንኤም ከአብነቱ ጋር እንደ ተጣበቀ አይቀርም። ተጣምረው የሚቆዩት 8 ወይም 9 የሚሆኑ ፊደላት ብቻ ናቸው፤ የቀረው ተላቅቆ ይወጣል፣ ዲኤንኤውም ከኋላ መልሶ ይዘጋል።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳስበኝ ፕሮቲን በሚገነባበት ማሽን፣ በራይቦሶም ውስጥ ስለሚሆነው ነገር ያለው ግንዛቤ ነው። ብዙዎች የሚሥሉት የተሠራው ሰንሰለት በቦታው ተቀምጦ ሲጠብቅ፣ አዲሱ አሚኖ አሲድ መጥቶ ጫፉ ላይ ሲለጠፍ ነው። የሚሆነው ግን ተቃራኒው ነው። መርካቶ ውስጥ ሁለት ተሸካሚዎች ሲገናኙ አስቡ። አንደኛው እስካሁን የተከመረውን ሁሉ ተሸክሟል፤ ይህ «ፒ» በተባለው የራይቦሶሙ ክፍል ያለው፣ አሚኖ አሲድ የሚያመጣ አጓጓዥ አርኤንኤ ነው። ሁለተኛው አንዲት ጥቅል ብቻ ይዞ ወደ «ኤ» ክፍል ይገባል። ነባሩ ክምሩን በሙሉ አንሥቶ በአዲሱ ሰው ጥቅል ላይ ይጭንና ባዶ እጁን ይቀራል። ከዚያ ራይቦሶሙ በመልእክተኛው አርኤንኤ (ከዲኤንኤው በተቀዳው ቅጂ) ላይ ሦስት ፊደል ይራመዳል፤ ባዶው በመውጫው፣ በ«ኢ» ክፍል በኩል ይወጣል፣ ክምሩን የተረከበው «ፒ» ላይ ይገኛል፣ «ኤ» ለሚቀጥለው ክፍት ይሆናል። አዲሱ ጥቅል ሁልጊዜ ከክምሩ ሥር ነው፤ መጀመሪያ የመጣው አሚኖ አሲድ ከራይቦሶሙ ዋሻ ቀድሞ የሚወጣውም ለዚህ ነው። ወደ «ኤ» ሳይገባ በቀጥታ «ፒ» ላይ የሚቀመጠው የጅማሬው አጓጓዥ ብቻ ነው።

ከዚሁ የሚወለድ ሌላ ስህተት አለ፤ በአሚኖ አሲዶቹ መካከል ያለውን የፔፕታይድ ትስስር የሚሠራው ጂቲፒ የተባለው ኃይል ሰጪ ሞለኪውል ነው የሚለው። በእያንዳንዱ ዙር ሁለት ጂቲፒ ይወጣል፦ አንዱ አዲሱ አጓጓዥ በትክክል «ኤ» ላይ እንዲቀመጥ፣ ሌላው ለእርምጃው። ለትስስሩ የሚሆነው ኃይል ግን አሚኖ አሲዱ ኤቲፒ በተባለው ሌላ ኃይል ሰጪ ሞለኪውል ከአጓጓዡ ጋር ሲያያዝ አስቀድሞ ተከማችቷል። ትስስሩን የሚያፋጥነውም ፕሮቲን ሳይሆን የራይቦሶሙ የራሱ አርኤንኤ ነው። የራይቦሶምን አወቃቀር አቶም በአቶም ያሳዩት ቬንካትራማን ራማክሪሽናን፣ ቶማስ ስታይትዝና አዳ ዮናት በ2009 የኬሚስትሪ ኖቤል ሽልማት ተቀብለዋል። ፕሮቲን የሚሠራውን ማሽን ልቡን ስንከፍተው አርኤንኤ መገኘቱ እስከ ዛሬ ያስደንቀኛል።

መድኃኒቶችንም ባንድ ጆንያ መክተት አይገባም። ለሳንባ ነቀርሳ የሚሰጠው ሪፋምፒሲን «ማራዘምን ያቆማል» ተብሎ ይጻፋል። መድኃኒቱ የባክቴሪያውን አርኤንኤ ፖሊመሬዝ ይዞ ቅጂው 2 ወይም 3 ፊደል ሲደርስ መንገዱን ይዘጋል፤ ያን ደፍ አልፎ እየጻፈ ያለውን ፖሊመሬዝ ግን አያቆመውም። ማራዘም ላይ በቀጥታ የሚሠሩት ሌሎች ናቸው። ቴትራሳይክሊን አዲሱ አጓጓዥ «ኤ» ላይ እንዳይቀመጥ ይከለክላል፣ ክሎራምፌኒኮል ትስስሩ የሚሠራበትን ቦታ ይይዛል። በአገራችን ትራኮማን ለመከላከል በዘመቻ የሚታደለው አዚትሮማይሲን ደግሞ ሰንሰለቱ በሚወጣበት ዋሻ ውስጥ ይሰነቀራል።

የመጨረሻው፣ ቅጂው ካላለቀ ፕሮቲን አይጀመርም የሚለው ነው። ኒውክለስ ባላቸው እንደ እኛ ባሉ ሕዋሳት ሁለቱ ሥራዎች በቦታ ስለሚለያዩ ነገሩ እውነት ነው፤ ዲስትሮፊን የተባለውን ግዙፍ ዘረመል መቅዳት ብቻውን 16 ሰዓት ያህል ይወስዳል። በባክቴሪያ ግን ሁለቱን ሥራዎች የሚለይ ግድግዳ የለም። ኢ ኮላይ በተባለው ባክቴሪያ ውስጥ ፖሊመሬዙ በሰከንድ ከ40 እስከ 50 ፊደል ይጽፋል፤ ራይቦሶሙም በሰከንድ 15 ያህል አሚኖ አሲድ፣ ማለትም 45 ፊደል እያነበበ፣ ገና ተጽፎ ባላለቀው ቅጂ ላይ እግር በእግር ይከተለዋል።