የአዲስ አበባ ዳርቻ የቦታ ስሞችን ትርጉም እንዴት እንፈልግ?

በገላን፣ በሰበታና በለገጣፎ አቅጣጫ ያሉ የቦታ ስሞች አብዛኞቹ ኦሮምኛ ናቸው። በአማርኛ ድምፅ ብቻ የሚፈታቸው ሰው ይስታል። ስለዚህ መጀመሪያ ስሙን ኦሮምኛ ከሚናገር የአካባቢው አረጋዊ አንደበት ይስሙ፤ የፊደላችን አጻጻፍ መጥበቅና መላላቱን፣ የአናባቢውንም ርዝመት አያሳይም፤ ትርጉሙ የሚለወጠው ደግሞ እዚያ ላይ ነው።

ቀጥሎ ስሙን ይክፈሉት። «ለገ» ወንዝ፣ «ቱሉ» ኮረብታ ወይም ተራራ፣ «ቡርቃ» ምንጭ፣ «ዲምቱ» ቀይ ነው። ቱሉ ዲምቱ ቀይ ኮረብታ ማለት ነው። ለገዳዲ በወንዝ ይጀምራል፤ ሁለተኛው ክፍል «ዳዺ»ን፣ ማለትም ጠጅን ይመስላል። ይሁንና ቃል ስለገጠመ ብቻ ስሙ የወጣበት ምክንያት ተገኘ አይባልም። ቦታው ድረስ ሄደው አፈሩንና ውሃውን ይዩ፤ ቢያንስ ሁለት ሽማግሌዎችን ለየብቻ ይጠይቁ። አብረው ከተጠየቁ አንዱ የሌላውን ቃል ይደግማል።

መልክዓ ምድሩ ካልመለሰልዎ ጎሳ ይፈትሹ፦ ገላንና ጉለሌ የቱለማ ኦሮሞ ጎሳዎች ስም ነው። ሃና ማርያምን የመሰለው ከቤተ ክርስቲያን የመጣ ነው፤ ብዙ አያደክምም። የቆየ ካርታ ሲያነቡ ደብረ ዘይትና ቢሾፍቱ አንድ ከተማ መሆናቸውን አይዘንጉ።