ካርዱ ላይ የቀረችው መስመር

«ጨርሷል» ትለኛለች እናት፣ የክትባት ካርዱን ከሻሿ ጫፍ ፈትታ። አየዋለሁ። ሲወለድ የቲቢውና የፖሊዮው፣ ከዚያ የ45 ቀኑ፣ የሁለት ወር ተኩሉ፣ የሦስት ወር ተኩሉ፣ በ9 ወር ኩፍኝ። ከሥር አንዲት መስመር ባዶ ናት፤ የ15 ወሯ። ባቲ ዙሪያ ባለች ቀበሌ ጤና ኤክስቴንሽን ሆኜ በብዛት የማየው እንዲህ ያለ ካርድ ነው።

አልጨረሰም፣ እቴ። አልፈርድብሽም፤ ሁለተኛው የኩፍኝ ክትባት ወደ መደበኛው የገባው በ2011 ዓ.ም. ነው፤ ትልልቆቹን ያሳደግሽው በ9 ወር አብቅቶ ነው። ግን በ9 ወር ከተወጉ 100 ልጆች 15 ያህሉ ሰውነታቸው ክትባቱን አይዝም። ሁለተኛዋ መርፌ ለእነሱ ናት፤ ያንቺ ልጅ ከየትኞቹ እንደሆነ ደግሞ አንቺም እኔም አናውቅም።

ወሩን ስትቆጥሪ «በረመዳን ነው የተወለደው» ብለሽ አትጀምሪ። ረመዳን በየዓመቱ ወደ 11 ቀን ወደ ኋላ ይመጣል፣ ሒሳቡ ይጠፋብናል። ሰኔ 12 ከተወለደ 9 ወሩ መጋቢት 12፣ 15 ወሩ ከዚያ መጋቢት ቀጥሎ በሚመጣው መስከረም 12 ነው። አዲስ ዓመት በገባ በ12ኛው ቀን ማለት ነው፤ እንዲህ ካሰርሽው አይረሳም።

ሰኞ ቀጠሮ አልሰጥም። የባቲ ገበያ ነው፤ ከአፋር በኩል ግመሉ ሲመጣ ማን ጤና ኬላ ይቀመጣል? በሌላው ቀን በጠዋት ነይ። የኩፍኝ ክትባት ዱቄት ነው፣ በውሃው ከተበጠበጠ ከ6 ሰዓት በላይ አይቆይም። እኛ ጋ የሚመጣው ብልቃጥ ለ10 ልጅ ስለሆነ ባለሙያ «ልጆች ይሰብሰቡ» ሊልሽ ይችላል። እኔም እል ነበር። አንድ ቀን ሦስት እናቶች ብቻ መጡና «ሐሙስ ተመለሱ» አልኳቸው። ሁለቱ ተመለሱ። ሦስተኛዋ የሦስት ሰዓት መንገድ በእግሯ የመጣች ነበረች። ልጇን ከወራት በኋላ ሳየው ሽፍታው ፊቱን ሞልቶት፣ ዓይኑ ተጣብቆ፣ ሲተነፍስ ጎኑ ወደ ውስጥ ይሳብ ነበር። ዳነ፣ አልሐምዱሊላህ። ከዚያ ወዲህ ለአንድ ልጅም እከፍታለሁ። አንቺም «ከሩቅ ነው የመጣሁት፣ ክፈቱልኝ» በይ፤ አትፈሪ።

ጉንፋን ይዞታል ብለሽ አትቅሪ። ቀላል ተቅማጥም አያስቀርም። ወሩ ካለፈም ከመጀመሪያው አይጀመርም፣ ካቆመበት ይቀጥላል። ካርዱ ከጠፋ መዝገባችን ላይ እንፈልጋለን፤ ካላገኘነው ድጋሚ ቢወጋ አይጎዳውም። ቤት ለቤት በዘመቻ የተሰጠው ግን የካርዱን አይተካም፤ ስንቷ እናት እዚህ ላይ ትከራከረኛለች!

«ጆሮ ደግፍስ?» ትሉኛላችሁ። እኔ በጤና ኬላ ለዓመታት ስወጋ የኖርኩት የኩፍኙን ብቻ ነው። ጆሮ ደግፍንና ሩቤላን ከኩፍኝ ጋር በአንድ መርፌ የያዘው ኤም ኤም አር ይባላል። ሩቤላ ለልጁ ቀላል ሽፍታ ነው፤ በእርግዝናዋ የመጀመሪያ ወራት የያዛት እናት ግን የፅንሷ ልብ፣ ዓይንና ጆሮ ሊጎዳ ይችላል። ይህን ክትባት እርጉዝ አትወስደውም፤ የወሰደችም ለአንድ ወር እርግዝና ታዘግይ።

ከተወጋ በኋላ ግማሽ ሰዓት እዚያው ጥላ ሥር ተቀመጪ። ቁስሉ ላይ ቅቤም ቡናም አታድርጊ። በመጀመሪያዎቹ ወራት ጭኑ ላይ የሚወጋው መርፌ ትኩሳት በዚያው ሌሊት ይመጣል፤ የኩፍኙ ግን ከሳምንት በኋላ፣ እስከ 12ኛው ቀን ድረስ ሊመጣ ይችላል፣ ቀላል ሽፍታም አብሮት። ብዙዎች ያኔ መርፌውን ረስተውት «ዓይን በላው» ይላሉ። አብሽሪ፤ ጡት አብዢለት፣ ልብሱን አቅልይለት። ሦስት ቀን ካለፈው፣ ጡት እምቢ ካለ ወይም ካንዘፈዘፈው ግን ይዘሽው ነይ፤ ሌሊትም ቢሆን በሬን አንኳኪ።