ከዳር አይቀመጡ፤ ከልጅ ጋር ውሃ ውስጥ መጫወት ለወላጅ ጤና

በአዳማ ሙቀቱ ሲበረታ ቅዳሜና እሁድ ከሰዓት በኋላ የሆቴሎቹ መዋኛ ገንዳዎች በልጆች ይሞላሉ። ወላጆቹ ግን በአብዛኛው ፎጣና ጫማ እየጠበቁ፣ ማኪያቶ አዝዘው፣ አንድ ዓይናቸውን ስልካቸው ላይ ሌላውን ልጃቸው ላይ አድርገው ጥላ ሥር ይቀመጣሉ። የመግቢያ ተከፍሏል፣ የባጃጅ ወጥቷል፣ ግማሽ ቀንም ተሰጥቷል፤ ከዚህ ሁሉ በኋላ ሰውነቱን ያንቀሳቀሰው ልጁ ብቻ ነው። ይህ መመሪያ የተዘጋጀው ለዚያ ከዳር ለተቀመጠ ወላጅ ነው፤ ዋና ባይችል እንኳ እግሩ መሬት በሚነካበት ውሃ ውስጥ ከልጁ ጋር ሲጫወት ሰውነቱ ምን እንደሚያገኝና እንዴት መጀመር እንዳለበት ያስረዳል።

የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2020 ባወጣው መመሪያ አንድ አዋቂ በሳምንት ከ150 እስከ 300 ደቂቃ መጠነኛ ጥንካሬ ያለው እንቅስቃሴ እንዲያደርግ፣ ከ5 እስከ 17 ዓመት ያሉ ልጆች ደግሞ በቀን በአማካይ 60 ደቂቃ እንዲንቀሳቀሱ ይመክራል። ለስፖርት ጊዜ የለኝም የሚል ወላጅ ልጁን ለማጫወት የመደበውን ሰዓት ለራሱም ቢጠቀምበት የሁለቱ ድርሻ በአንድ ላይ ይሟላል።

ውሃ ለሰውነት የሚያደርገው

ውሃ ወደ ላይ ስለሚያነሳን መገጣጠሚያዎች የሚሸከሙት ክብደት ይቀንሳል። እስከ ወገብ ሲደርስ ግማሽ ያህሉ ይቀራል፤ እስከ አንገት ሲደርስ ደግሞ ከአሥር አንድ እጅ ገደማ ብቻ ነው። 80 ኪሎ የሚመዝን አባት እስከ አንገቱ ውሃ ውስጥ ሲቆም ጉልበቱ የሚሸከመው 8 ኪሎ ገደማ ነው ማለት ነው። ጉልበቱን የሚያመው፣ ወገቡ የሚይዘው ወይም ክብደቱ ጨምሮ ደረጃ መውጣት የከበደው ሰው በየብስ የማይሞክረውን እንቅስቃሴ ውሃ ውስጥ ሳይታመም የሚሠራው በዚህ ምክንያት ነው።

ይሁን እንጂ ውሃ የሚያቀልለው ክብደትን እንጂ ሥራን አይደለም። እፍጋቱ ከአየር 800 ጊዜ ገደማ ስለሚበልጥ እጅና እግር በየትኛውም አቅጣጫ ሲንቀሳቀሱ ይገፋቸዋል፤ የእጅ ፍጥነት በእጥፍ ሲጨምር የውሃው ግፊያ በአራት እጥፍ ገደማ ያድጋል። ስለዚህ ክብደት የሚያነሳ መሣሪያ ሳያስፈልግ ጡንቻ ይሠራል፤ የደከመው ደግሞ ዝግ ማለት ብቻ ይበቃዋል።

ሦስተኛው ጥቅም ብዙ ሰው የማያስበው ነው። ውሃው ከታች ጀምሮ ሰውነትን ዙሪያውን ስለሚጫን በእግር ደም ሥሮች የተጠራቀመው ደም ወደ ደረት ይመለሳል፤ ልብ በእያንዳንዱ ምት የሚረጨው ደም ይጨምራል፣ የምቱ ብዛት ግን ዝቅ ይላል። ቀኑን ሙሉ ቆመው የሚያስተምሩ፣ ሱቅ ውስጥ የሚቆሙ ወይም መሪ ይዘው የሚውሉ ወላጆች ማምሻውን ቁርጭምጭሚታቸው የሚያብጥ ከሆነ ከገንዳው ሲወጡ እግራቸው ቀልሎ ይሰማቸዋል። ኩላሊትም ይህንን የደም መመለስ እንደ ትርፍ ፈሳሽ ቆጥሮ ሽንት ይጨምራል። ስለዚህ ከመግባት በፊት ልጅንም ራስንም ሽንት ቤት ማድረስ፣ ጥሙ ባይሰማም ከገንዳው ዳር የመጠጥ ውሃ ማስቀመጥ ተገቢ ነው። የልብ ምት በውሃ ውስጥ ዝቅ ስለሚል ድካምን በምት መቁጠር ያሳስታል፤ ከልጅዎ ጋር ማውራት እየቻሉ ዘፈን መዝፈን ካቃተዎት ጥንካሬው ልክ ነው።

የትኛው ውሃ?

በዚህ ነጥብ ላይ ማላላት አይገባም። በአዳማ ዙሪያ ውሃ ሞልቷል፤ ለጨዋታ የሚሆነው ግን ጥቂት ነው። የወንጂ ሸንኮራ አገዳ የመስኖ ቦዮች ለረጅም ዓመታት የቢልሃርዚያ መገኛ እንደሆኑ ይታወቃል። ተውሳኩ በቀንድ አውጣዎች ውስጥ አድጎ ውሃው ውስጥ ይለቀቅና በሰው ቆዳ በደቂቃዎች ውስጥ ዘልቆ ይገባል፤ ውሃውን መጠጣት አያስፈልግም፣ እግርን መንከር ብቻ ይበቃል። ልጆቹ እዚያ ገብተው ከሆነ ሕመም እስኪታይ ሳይጠብቁ ወደ ጤና ጣቢያ ወስዶ መናገር ይሻላል፤ የታወቀ መድኃኒት አለው። አዋሽ ደግሞ አዞ አለበት፤ ከቆቃ ግድብ የሚለቀቀው ውሃም መጠኑን ይቀያይረዋል። ቆቃ ሐይቅ ላይ አዞም ጉማሬም ስላለ ከዳር ሆኖ ዓሣ መብላት እንጂ ከልጅ ጋር መግባት አይመከርም።

ስለዚህ ገንዳ ይመረጣል። ወለሉ ጥልቁ ጋ ሳይቀር ጥርት ብሎ የማይታይ ገንዳ ውስጥ አይግቡ፤ የሰመጠ ልጅም በዚያ ውሃ ውስጥ አይታይም። ዓይን የሚያቃጥል ኃይለኛ የክሎሪን ሽታን ብዙዎች የንጽሕና ምልክት ያደርጉታል፤ በእውነቱ ሽታው የሚበረታው ክሎሪኑ ከላብና ከሽንት ጋር ሲዋሃድ ነው። ከመግባት በፊት ሻወር መውሰድ የሚያስፈልገው በዚህ ምክንያት ሲሆን፣ ተቅማጥ ያለበት ልጅም ሆነ ወላጅ በዚያ ሳምንት ከነጭራሹ መቅረት አለበት።

እናቶች ከዳር የሚቀሩበት ትልቁ ምክንያት ግን የውሃው ዓይነት ሳይሆን ልብስና ፀጉር ይመስለኛል። እጅጌና ሱሪ ያለው፣ ሰውነትን የሚሸፍን የዋና ልብስ ገበያ ላይ ይገኛል፤ ጥጥ ልብስ ግን ውሃ መጥጦ ስለሚከብድና ስለሚጎትት አይመችም፤ አንዳንድ ገንዳዎችም ይከለክሉታል፤ አስቀድሞ መጠየቅ ነው። ሹሩባ የተሠራች እናት ፀጉሯን በንጹሕ ውሃ አርሳ ኮፍያ ብታደርግበት ፀጉሩ የሚመጠው የክሎሪን ውሃ ይቀንሳል።

ጨዋታው

በመሰላል ይውረዱና መጀመሪያ አምስት ደቂቃ ያህል ወደ ፊት፣ ወደ ኋላና ወደ ጎን ይራመዱ። ለእርስዎ ወገብ ድረስ የሆነው ውሃ ለትንሽ ልጅ ከራሱ በላይ ስለሆነ ጨዋታው ልጁ በሚቆምበት ጥልቀት መጀመር አለበት፤ እርስዎ ጉልበትዎን አጥፈው ውሃው እስከ ትከሻዎ እስኪደርስ ዝቅ ይላሉ። ይህ አቀማመጥ ራሱ ለጭን ጡንቻ ከባድ ሥራ ነው፤ ከሦስት ደቂቃ በኋላ ይገባዎታል።

ለትንንሾቹ የሚሻለው ቁጭ ብድግ ነው። ልጁን ፊቱን ወደ እርስዎ አዙረው በብብቱ ሥር ይያዙት፤ ጀርባዎን ቀጥ አድርገው ጉልበትዎን እያጠፉ አብረው ዝቅ ይበሉ፤ ከዚያ ሁለታችሁም አፋችሁን ውሃው ላይ አድርጋችሁ አረፋ እየነፋችሁ ተነሱ። ልጁ ትንፋሽ ማውጣት ይለማመዳል፤ እርስዎም ረዘም ያለ ትንፋሽ ባወጡ ቁጥር ቀኑን ሙሉ የተወጠረው ትከሻዎ ይላላል። አሥር ጊዜ ደጋግመው እረፍት ሲሉ ልጁ «እንደገና!» ማለቱ አይቀርም፤ ሁለተኛውን ዙር የሚያሠራዎት እሱ ነው። ልጁን ከውሃ አውጥተው ዳር ላይ ሲያስቀምጡ ግን ክብደቱ በአንድ ጊዜ ስለሚመለስ ወገብዎን ሳይሆን ጉልበትዎን ይጠፍ።

ከፍ ላሉት ልጆች አባሮሽ ይሻላል። ውሃ ውስጥ አባትም ልጅም እኩል ስለሚንቀራፈፉ ልጁ የማሸነፍ ዕድል ያገኛል፤ አባትየው ደግሞ መንገድ ላይ የማይሮጠውን ይሮጣል። ሌላው በነፋስ የተነፋ ኳስ በሁለት እጅ እስከ ወገብ ድረስ ወደ ታች ተጭኖ መልቀቅ ነው፤ ኳሱ ሲዘል ልጁ ይቀልበዋል፣ የሆድና የክንድ ጡንቻ ደግሞ የእርስዎ ነው። መዳፍን ዘርግቶ መረጫጨትም ይቆጠራል፤ በጥምቀት ሰሞን ውሃ ሲረጭ የሚፈነጥዝ ሕዝብ ይህንን ሊማር አይገባውም። እስትንፋስ ይዞ የመቆየት ውድድር ግን ይቅር፤ በተለይ አስቀድሞ ቶሎ ቶሎ መተንፈስ ሳይታሰብ ራስን ያስታል።

መጀመሪያ 20 ደቂቃ ይበቃል። ልጁ ከተንቀጠቀጠ ወይም ከንፈሩ ከጠቆረ ጊዜው ባይደርስም ይውጣ፤ ከሰዓት በኋላ የሚነፍሰው የአዳማ ነፋስ እርጥብ ቆዳን ቶሎ ያቀዘቅዛል፣ ፎጣው ቅርብ ይሁን። ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,600 ሜትር በላይ ላይ ስላለች የፀሐዩ ጨረርም ብርቱ ነው፤ ከጠዋቱ 4 ሰዓት በፊት ወይም ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ መግባት ይመረጣል።

ሊጠነቀቁ የሚገባቸው

የልብ ሕመም ያለበት፣ ግፊቱ ያልተስተካከለ፣ የሚጥል በሽታ ያለበት ወይም ኢንሱሊን የሚወስድ ሰው አስቀድሞ ሐኪሙን ይጠይቅ። የወለደች እናት ደሙ እስኪቆምና ቁስሉ እስኪድን፣ በቀዶ ሕክምና ከወለደችም ሐኪሟ እስኪፈቅድላት ትታገሥ።

ውሃ ውስጥ ያለ ወላጅ ከዳር ካለው የሚሻለው ለራሱ ጤና ብቻ ሳይሆን ልጁም እጁ በሚደርስበት ርቀት ላይ ስለሚሆን ነው። እየሰመጠ ያለ ልጅ አብዛኛውን ጊዜ አይጮኽም፤ ለመጮኽ የሚሆን ትንፋሽ የለውም። በአየር የሚነፋ የክንድ ቀለበትም ጠባቂ አይደለም። ሁለት ወላጆች ከመጡ ማን ተራው እንደሆነ በግልጽ ይነጋገሩ፤ «አንቺ ታያለሽ ብዬ ነበር» የሚባለው አደጋ ከደረሰ በኋላ ነው።

ከአዳማ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ ወደምትገኘው ሶደሬ ለሚሄዱ ደግሞ ደንቡ ይለያል። ፍል ውሃው ለማረፍና ለማፍታታት እንጂ ለአባሮሽ አይደለም፤ ሙቅ ውሃ የደም ሥርን ስለሚያሰፋ በድንገት የተነሳ ሰው፣ በተለይ የግፊት መድኃኒት የሚወስድ፣ ሊያዞረው ይችላል። ነፍሰ ጡሮች በጣም ከሞቀ ውሃ ይራቁ፤ ልጆች ከአዋቂ ቀድመው ስለሚሞቁ ቶሎ ይውጡ። ምሳዎን ከጦጣ መጠበቅም የጉዞው አካል ነው።

ለገንዳ የሚከፈል ገንዘብ ሲጠፋ ግቢ ውስጥ ትልቅ ሳፋ ይበቃል። ወላጁ ከጀሪካን በጣሳ እየቀዳ ቁጭ ብድግ ይላል፣ ልጁ ይረጫል፣ የተረፈው ውሃ ለአትክልት ይሆናል። ጨዋታው ሲያበቃ ሳፋው ወዲያው ይደፋ፤ ሕፃን በጥቂት ውሃም ይሰምጣል፣ የቆመ ውሃም ትንኝ ያፈራል።