ጀጎልን ከአስጎብኚ ጋር በእግር ለማየት ካሰባችሁ

ሐረር ሄደው በግንብ የታጠረችውን አሮጌ ከተማ፣ ጀጎልን፣ ሳያዩ የሚመለሱ ሰዎች አሉ። መግባቱንማ ገብተዋል። ፈረስ መጋላ አደባባይ ላይ ፎቶ ተነሥተዋል፣ ማታ ጅብ ሲመገብ አይተዋል፣ በቃ። የዚህች ከተማ ነገር ግን ያለው ከግድግዳው ጀርባ ነው። መንገድ ላይ የምታዩት ነጭ፣ አረንጓዴ ወይም ሰማያዊ የተቀባ ግንብና የተዘጋ በር ነው። በሩን አንኳኩቶ፣ የቤቱን እናት በስማቸው ጠርቶ፣ «እንግዶች ይዤ መጣሁ» ብሎ የሚያስገባችሁ ሰው ከሌለ ትልቁ ነገር ያመልጣችኋል። ስለዚህ እዚህ አብዛኛውን የምጽፈው ስለ አስጎብኚ ነው፤ እንዴት እንደምትመርጡት፣ ምን እንደምትጠይቁት፣ ቀኑን ከእሱ ጋር እንዴት እንደምትከፋፍሉት።

መድረሱ ቀላል ነው። በአውሮፕላንም በባቡርም ከሆነ ድሬዳዋ ትወርዳላችሁ፣ ከዚያ ሚኒባስ ይዛችሁ የደንገጎን ዳገት እየተጠማዘዛችሁ ትወጣላችሁ፤ አንድ ሰዓት ገደማ ነው። ማደሪያችሁን ከቻላችሁ እዚያው ጀጎል ውስጥ አድርጉ። የሐረሪ ቤታቸውን ለእንግዳ የሚያከራዩ ቤተሰቦች አሉ። ሻወሩ እንደ ሆቴል ላይሆን ይችላል፣ ግን ጠዋት በአዛን ድምፅ ነቅታችሁ ከበሩ ስትወጡ ጉብኝቱ ውስጥ ናችሁ። ደግሞም ጥሩ አስጎብኚ የሚገኘው በብዛት በእነዚህ ቤቶች በኩል ነው። የቤቱ እመቤት «እሱን ያዙት» ያለችው ልጅ፣ ካሳፈራት ነገም ሰፈር ውስጥ እንደሚያገኛት ያውቃል።

ከመሄዳችሁ በፊት ትንሽ ነገር ያዙ። ጀጎል የሚባለው ግንብ የተሠራው በ16ኛው ክፍለ ዘመን በአሚር ኑር ዘመን ነው። ውስጡ ሃምሳ ሄክታር አይሞላም። በዚያች ጠባብ ቦታ ውስጥ ግን 82 መስጊዶችና ከመቶ በላይ የቅዱሳን መካነ መቃብሮች ተመዝግበዋል። የጥንቶቹ በሮች አምስት ናቸው፤ በአማርኛ ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በርና ፈላና በር እንላቸዋለን፣ ሐረሪዎች የራሳቸው ስም አላቸው። አስማዲን በሪ ሲሏችሁ ሸዋ በር ማለታቸው ነው። መኪና የሚገባበት ሐረር በር ኋላ የተከፈተ ነው። ዩኔስኮ ከተማዋን በዓለም ቅርስነት የመዘገባት በ1998 ዓ.ም ነው። ከዚህ በላይ ማጥናት አያስፈልግም፣ ሌላውን ከአስጎብኚው ስሙት።

አሁን ወደ አስጎብኚው። ፈረስ መጋላ ላይ ቆማችሁ ግራ የተጋባችሁ ከመሰላችሁ ወዲያው ሦስት አራት ልጆች ይመጣሉ። ከእነሱ ውስጥ ጎበዝ ሊኖር ይችላል፣ ግን በጥድፊያ አትስማሙ። የአስጎብኚነት መታወቂያውን እንዲያሳያችሁ ጠይቁ፣ ይህ መብታችሁ ነው፣ የሚያስቀይመው ከሆነ ተዉት። ቀጥሎ የት እንዳደገ ጠይቁ። ጀጎል ውስጥ ያደገ ሰው ቋንቋውን ይናገራል፤ ሐረሪኛም ኦሮምኛም አማርኛም እየቀያየረ ከሁሉም ጋር ያወራል። ከእሱ ጋር አሥር እርምጃ ስትሄዱ ሰላም የሚለው ሰው ብዛት ራሱ ይነግራችኋል። እሱ ሰላም ባለው ቁጥር እናንተም ትቆማላችሁ፣ ጉብኝቱም የሚሻሻለው በዚህ ነው።

የእውቀቱን ልክ ለማወቅ ሁለት ጥያቄ ይበቃችኋል። አንደኛው፣ «ራምቦ እዚህ ቤት ኖሯል?» ነው። የፈረንሳዩ ገጣሚ አርተር ራምቦ እ.ኤ.አ በ1880 በነጋዴነት ወደ ሐረር መጥቶ ነበር፤ ዛሬ በስሙ የሚጠራው ባለ እንጨት ፎቅ ቤት ግን ከእሱ በኋላ በሕንድ ነጋዴ የተሠራ ነው። ሐቀኛ አስጎብኚ ይህን ሳይደብቅ ይነግራችሁና ቤቱ ለምን እንደሚጎበኝ ያስረዳችኋል፤ ውስጡ ላሉት የድሮ ሐረር ፎቶዎች ብቻ እንኳ መግቢያውን መክፈል ይገባል። ሁለተኛው፣ ፈረስ መጋላ ላይ ስላለው መድኃኔዓለም ቤተክርስቲያን ነው። «ከዚህ በፊት እዚህ ቦታ ላይ ምን ነበር?» በሉት። መስጊድ ነበር። በ1879 ዓ.ም ከጨለንቆ ጦርነት በኋላ ምኒልክ ከተማዋን ሲይዙ ነው የተለወጠው። ይህን ሳይፈራ፣ ማንንም ሳያንቋሽሽ፣ ከዚያ በፊት ግብጾች ለአሥር ዓመት ያህል እንደገዟትም ጨምሮ የሚተርክላችሁ ሰው ካገኛችሁ፣ ቀኑን ሙሉ ከእሱ ጋር ዋሉ። ሁለቱንም ጥያቄ በሳቅ የሚያልፍ ከሆነ የሚያሳያችሁ ሱቅ ነው።

ዋጋውን መንገድ ሳትጀምሩ ጨርሱ። ዋጋ በየጊዜው ስለሚለዋወጥ እዚህ ቁጥር አልጽፍም፣ ያረፋችሁበትን ቤት ሰዎች ጠይቁ። መጠየቅ ያለባችሁ ግን እነዚህ ናቸው፤ ሒሳቡ በሰው ነው ወይስ በቡድን? ግማሽ ቀን ነው ወይስ ሙሉ? የሙዚየም መግቢያ በውስጡ አለ? የቤተሰብ ቤት ስንገባ የምንሰጠውስ? ብዙ ጊዜ መግቢያዎቹ ለብቻ ናቸው፣ ስለዚህ ዝርዝር ብር ያዙ። ባለ መቶና ባለ ሃምሳ ብር ኪሳችሁ ውስጥ ካለ ቀኑን ሙሉ ሰላም ናችሁ። አንድ ነገር ግልጽ አድርጉ፤ «ግዢ ላይ ፍላጎት ሲኖረን እኛ እንነግርሃለን» በሉት፣ በትሕትና ግን በግልጽ። ዝም ካላችሁ ጉብኝቱ ከስፌት ሱቅ ወደ ስፌት ሱቅ ሊሆን ይችላል።

ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ጀምሩ። ቁርሳችሁን ፈጢራ በሉ፣ ጉልበት ይሰጣል። እኔ ከሸዋ በር መጀመር ደስ ይለኛል፤ ከበሩ ውጭ ያለው ገበያ በዚያ ሰዓት ሞቅ ያለ ነው፣ ከገጠር የመጡ የኦሮሞ ሴቶች ሸቀጣቸውን መሬት ላይ ዘርግተው ይቀመጣሉ፣ ቀለሙ ዓይን ይስባል። ካሜራ ማውጣት ያምራችኋል። ቆይ። መጀመሪያ ሰላም በሉ፣ የሆነ ነገር ግዙ፣ ከዚያ አስጎብኚው ይጠይቅላችሁ። ብዙዎቹ እምቢ ይላሉ፣ እምቢታቸውን ተቀበሉ። ከሩቅ በዙም አንስቶ መሮጥ ግን እባካችሁ ይቅር፤ ሰዎቹ ያዩታል፣ ከእናንተ በኋላ የሚመጣውን እንግዳ በዚያ ዓይን ያዩታል።

ከዚያ በጠባብ መንገዶች ወደ ውስጥ። እዚህ ላይ አስጎብኚውን «ዋናውን መንገድ ተው፣ አንተ ትምህርት ቤት ስትሄድ በምትሄድበት ውሰደን» በሉት። ሁለት ሰው ጎን ለጎን የማያሳልፉ መንገዶች አሉ። አንዷ ላይ የተኳረፉ ሰዎች ፊት ለፊት ከተገናኙ መታረቅ ግድ ነው ይባላል፣ ዞር ማለት አይቻልማ። መሬቱ ድንጋይ ነው፣ ዳገትና ቁልቁለት አለው፣ ሲዘንብ ያንሸራትታል። ስለዚህ ሰንደል ጫማ አታድርጉ። መኪና ግርግር የሚባለው የልብስ ሰፊዎች መንገድ ላይ ከፈለጋችሁ ትንሽ ቆዩ፤ ልብስ ሰፊዎቹ ማሽናቸውን አውጥተው በመንገዱ ግራና ቀኝ ተቀምጠው ነው የሚሰፉት፣ ጨርቅ ገዝታችሁ ብትሰጧቸው ከሰዓት ተመልሳችሁ ልብሳችሁን መውሰድ ትችላላችሁ።

አንድ የሐረሪ ቤት ሳትገቡ አትውጡ። ይህን በጣም ነው የምለምናችሁ። በሩ ላይ ጫማችሁን አውልቁ፣ ገብታችሁ ዝም ብላችሁ አትቀመጡ፣ የት እንደምትቀመጡ ይነግሯችኋል። ምክንያት አለው። ሳሎኑ ውስጥ ከፍና ዝቅ ያሉ መደቦች አሉ፣ ነደባ ይሏቸዋል፤ ሰው እንደ ዕድሜውና እንደ ክብሩ ቦታ አለው፣ የአባወራው ቦታ ወደ በሩ አሻግሮ የሚያሳይ ነው፣ የልጆቹ ሌላ ነው። ግድግዳው ላይ ሙዳዮችና የሰፌድ ሥራዎች ተሰቅለዋል፣ ብዙዎቹ ሴቶቹ ራሳቸው የሰፉት ወይም ለሠርግ የተሰጣቸው ነው። መደቡና ወለሉ ቀይ ነው፤ በጨለንቆ የፈሰሰውን ደም ለማስታወስ ነው ይባላል። ከሳሎኑ ጎን ያለችውን ክርታት የምትባል ትንሽ ክፍል አሳዩን በሉ። ሙሽሮች ከሠርጋቸው በኋላ የመጀመሪያዎቹን ቀናት የሚያሳልፉት እዚያ ነበር። ከበሩ በላይ ተጠቅልሎ የተቀመጠ ምንጣፍ ካያችሁ ስለ እሱም ጠይቁ፤ ለጋብቻ የደረሰች ልጅ ያለችበት ቤት ምልክት ነው ይባላል። እዚህ ቤት ግማሽ ሰዓት ስጡ። ቡና ወይም የቡና ቅጠል ሻይ፣ ቁጢ፣ ካቀረቡላችሁ ጠጡ። አስጎብኚው ሰዓቱን እያየ ካቻኮላችሁ ሌላ ሙዚየም ይቅር በሉት። ሰው የሚኖርበት ሙዚየም ነው ያላችሁበት።

ከሙዚየሞቹ አንድ ብቻ ምረጡ ካላችሁኝ የሸሪፍ ሙዚየምን እላለሁ። ራስ ተፈሪ ቤት በሚባለው አሮጌ ቤት ውስጥ ነው፣ ራምቦ ቤት አጠገብ። አብዱላሂ ሸሪፍ በግላቸው ለዓመታት የሰበሰቡት ነው፤ ጥንታዊ የእጅ ጽሑፎች፣ ሐረር ራሷ ያሳተመቻቸው ሳንቲሞች፣ ጌጣጌጥ፣ የጦር መሣሪያ። ገንዘብ አውጥቶ የሰው ቅርስ ከመሸጥ ያዳነ ሰው ሥራ ነውና በችኮላ አትለፉት። ቀሪዎቹን እንደ ጊዜያችሁ። የአሚር ኑር መካነ መቃብር አረንጓዴ ጉልላት መንገድ ላይ ስለሆነ ቆም ብላችሁ ታዩታላችሁ። የአው አባድር መካነ መቃብር ግን ሰው የሚጸልይበት ቦታ ነው፣ ለመግባት አስጎብኚው አስቀድሞ ይጠይቅ። ጃሚዕ መስጊድም እንደዚያው፤ ሙስሊም ካልሆናችሁ ከውጭ ማየት ይበቃል። ሴቶች ሻሽ በቦርሳ ያዙ፣ ወንዶችም ቁምጣ ተዉት። ዓርብ ከሆነ ከ6 ሰዓት በኋላ ለጁምዓ ክፍት ተዉለት፣ አስጎብኚያችሁም መስገድ ይፈልግ ይሆናል።

ከምሳ በኋላ ከተማው ይቀዘቅዛል። የጫት ሰዓት ነው፣ ሱቁም ሙዚየሙም ሊዘጋ ይችላል፣ አስጎብኚውም ሐሳቡ በርጫ ላይ ነው። አትታገሉት። ሄዳችሁ ተኙ። ወደ 10 ሰዓት ስትወጡ ብርሃኑ ለስላሳ ነው፣ ሰውም ወጥቷል። ያኔ ወደ ኤረር በር ውረዱ። እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን እ.ኤ.አ በ1855 የገባበት በር ነው ይላሉ፣ አሁን የጫት ገበያ አለው። ረመዳን ላይ ከሆነ የምትሄዱት ሁሉንም ወደ ማታ አዙሩ፣ ቀን መንገድ ላይ አትብሉ። ምርጫው በእጃችሁ ከሆነ ግን ከኢድ በኋላ ላለው ሸዋሊድ ድረሱ። በ2016 ዓ.ም ዩኔስኮ በማይዳሰስ ቅርስነት የመዘገበው በዓል ነው፤ ከካናዳ፣ ከአሜሪካ፣ ከአውሮፓ ሐረሪዎች ለእሱ ብለው ይመጣሉ፣ ስለዚህ ማደሪያ ቀደም ብላችሁ ያዙ።

ጅቦቹን ለማየት ከምሽቱ 1 ሰዓት ገደማ ከግንቡ ውጭ ትወጣላችሁ። ቀኑን ካስጎበኛችሁ ልጅ ጋር ከሆነ ባጃጁንም ክፍያውንም እሱ ይነጋገርላችኋል። ስጋውን በአጭር እንጨት፣ ካመናችሁ በአፋችሁ ይዛችሁ ማብላት ትችላላችሁ። ጅብ መጋቢው የሚላችሁን ብቻ አድርጉ፤ አትሩጡ፣ በፍላሽ አታስቸግሩ፣ ሕፃን ልጅ ወደ ፊት አታቅርቡ። ግንቡ ላይ ጅቦች የሚገቡባቸው ቀዳዳዎች አሉ፣ ቀን በዚያ ስታልፉ አስጎብኚው እንዲያሳያችሁ አስታውሱት፤ ሌሊት ገብተው የተረፈውን ጠርገው ይወጣሉ።

ሒሳቡን ስትዘጉ ከተስማማችሁበት በላይ ጨምሩለት፣ ደስ ካሰኛችሁ ማለቴ ነው። በእጁ ስጡት፣ ስልኩንም ውሰዱ፣ ለወዳጅ መጠቆም ከጉርሻው ይበልጥ ይጠቅመዋል።

ሌላ ቀን ካላችሁ ደግሞ በማግስቱ ጠዋት ብቻችሁን ግቡ። ትናንት ሰላም ያላችሁት ሰው ዛሬ እሱ ይጠራችኋል። እጠፋለሁ ብላችሁ አትፍሩ፤ በየትኛውም መንገድ ሄዳችሁ ሄዳችሁ ግንቡ ላይ ትደርሳላችሁ፣ ግንቡን ይዛችሁ ስትሄዱ አንዱ በር ይመጣል፣ ከበሩ ላይ ባጃጅ አለ።